ከዘፈኑ ሥር ያለው ድምፅ

ሱቄ መቀሌ ሰሜን ነው፣ ወደ ውቅሮ በሚወጣው መንገድ ዳር። ቻርጀር፣ ኢርፎን፣ ሪሞትና የስልክ ሽፋን እሸጣለሁ። ከኋላ በመጋረጃ የተከለለ ጥግ አለኝ፤ እዚያ ሁለት አሮጌ የቪዲዮ ዴክ አስቀምጬ ሰው የሚያመጣልኝን ካሴት ወደ ፍላሽ እገለብጣለሁ። ከቅርብ ጊዜ ወዲህ ካሴት የሚያመጣ ሰው በዝቷል። ለምን እንደሆነ አልጠይቅም። ወደ ቤቱ ተመልሶ ከተረፈለት ዕቃ መሀል የሠርግ ካሴት ያገኘ ሰው ምክንያቱን ለእኔ ማስረዳት የለበትም።

ባለፈው ሳምንት አንዲት ሴት በፌስታል የተጠቀለለ ካሴት ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጠችና፣ «ድምፁ ብቻ ቢወጣልኝ ይበቃኛል፤ ምስሉ ባይኖርም ግዴለም» አለችኝ። ዴኩን ከፍቼ ካሴቱን የሚያነበውን ክፍል፣ ሄድ የምንለውን፣ ለመጥረግ ጥጥ አረቄ ውስጥ ነከርኩ። ከፋርማሲ የሚገዛውን አልኮል የሚመክሩ አሉ፤ እኔ የተማርኩት በአረቄ ነው። ሽታው ሲወጣ ሴትዮዋ ፊቷን አጨማደደችና ሰዓቷን አየች። ገና ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ነበር። እኔ ግን በዚያች ደቂቃ ሱቁ ውስጥ አልነበርኩም። አራተኛ ክፍል ነበርኩ፤ ዐቢይ ጾም ነበር፤ እናቴም አፍንጫዋን አንገቴ ሥር አስገብታ ታሸተኝ ነበር።

አባቴ ደምሴ ይባላል። የመኪና ኤሌክትሪክ ሠራተኛ ነበር፣ ከወልዲያ ለሁለት ወር ሥራ መጥቶ እናቴን አይቶ መቀሌ የቀረ። እኔ ሦስት ዓመት ሳይሞላኝ በሳንባ በሽታ ሞተ። ከእሱ የቀረልን ሁለት ጉርድ ፎቶ፣ አንድ የመሣሪያ ሣጥን፣ እና ድምፁን አስመስሎ መናገር የሚወድ ቤተሰብ ነው።

እናቴ ምሕረት፣ አደይ ነው የምላት፣ ስታስመስለው ድምፅዋን ወደ ሆዷ አውርዳ፣ ቀስ ብላ፣ ፍርድ እንደሚያነብ ዳኛ ትናገራለች። አጎቴ ግደይ ሲያስመስለው አባቴ ትግርኛው የተሰባበረ፣ የቸኮለ፣ ሁልጊዜ የሚከራከር ሰው ይሆናል። ጎረቤታችን ወይዘሮ አበባ ደግሞ ሁሉንም ነገር በአፍንጫው ታናግረዋለች። ሦስት አባት ነበሩኝ፤ ሦስቱ በመንገድ ቢገናኙ አይተዋወቁም። የትኛው እውነተኛው እንደሆነ ስጠይቅ ሦስቱም «የእኔ» ይሉኛል። ሌላው ልጅ አባቱ የት እንደሄደ ነው የሚጠይቀው፤ እኔ የሄደበትን አውቃለሁ፤ የቸገረኝ ሲናገር እንዴት ነበር የሚለው ነው።

እሱ የሚናገርበት አንድ ካሴት ነበረን። የአክስቴ የለተብርሃን ሠርግ ነው፣ እዚሁ ግቢያችን ውስጥ በድንኳን የተደገሰ። አባቴ መጨረሻው አካባቢ ብቅ ይላል። ቡናማ ጃኬት ለብሷል፣ በግራ እጁ ሳህን ይዟል፣ አንድ ጉንጩ በምግብ ተወጥሯል። ማይክሮፎን ይቀርብለታል። ይውጣል፤ ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል፤ ወደ ጎን ዞሮ ሰው ያያል፤ ፈገግ ይላል፤ ደግሞ ይናገራል። አንድ ቃል ግን አይሰማም። የሚሰማው ዘፈን ነው።

የዚያን ጊዜ ካሜራማኖች እንደዚያ ነበር የሚሠሩት። ሠርጉን ሲያቀናብሩ የቦታውን ድምፅ በሙሉ አውጥተው በላዩ የሠርግ ዘፈን ይደርቡበታል። ሰውም የሚወደው እንደዚያ ነው፤ ዘፈን የሌለበት የሠርግ ካሴት ያልታጠበ ልብስ ይመስላቸዋል። እኔ ግን ያኔ ይህን አላውቅም ነበር። ዘፋኟ ድንኳኑ ውስጥ ከካሜራው ጎን ቆማ የነበረች ይመስለኝ ነበር። አባቴ ሊናገር አፉን በከፈተ ቁጥር ሆን ብላ የምትጮህበት ሴት። አይቻት ባላውቅም ቂም ያዝኩባት። አንድ ቀን ድምፅዋን በሬዲዮ ሰምቼ ሬዲዮኑን ስዘጋ አጎቴ ግደይ፣ «ዘፈን ጠላሽ እንዴ?» አለኝ። «እሷን ነው» አልኩት።

እሁድ እሁድ አክስቴ ቤት ካሴቱን እናያለን። አባቴ ሲመጣ ግምቱ ይጀመራል።

«‹እንኳን ደስ ያላችሁ› ነው የሚለው» ይላል ግደይ።

«ምን እንኳን ደስ ያላችሁ አመጣው፣ ‹ሥጋ ጨምሩልኝ› ነው» ትላለች ወይዘሮ አበባ። «ከንፈሩን እዩት።»

አደይ አትገምትም። አባቴ ሊመጣ ሲል ሁልጊዜ ማጀት የምታየው ነገር ይኖራታል። ማየት የሰለቻት ይመስለኝ ነበር።

እኔ ካሴቱን ወደ ኋላ መልሱልኝ ስል አክስቴ፣ «አታመላልሺው፤ በታየ ቁጥር ይሳሳል» አለችኝ። ስለ ካሴቱ ነበር የምትናገረው። እኔ የሰማሁት ስለ አባቴ ነው። አንድ ቀን እንደ አሮጌ ነጠላ ወዲያ ማዶውን የሚያሳይ ሰው ሲሆን ታየኝ። ከዚያ በኋላ ተራው ሲደርስ ዓይኔን በእጄ እሸፍን ጀመር፣ ለሌላ ጊዜ እንዲተርፍ።

በዚያ ዓመት ጥር ላይ የሠፈራችን ሰው ሲዳር የአክስቴን ሠርግ የቀረጸውን ካሜራማን ሥራ ላይ አገኘሁት። አያ ሓጎስ ይባላል። ካሜራው በትከሻ የሚያዝ ትልቅ ነገር ስለነበር ቀኝ ትከሻው ከግራው ዝቅ ብሎ ቀርቷል፤ ካሜራ ሳይዝም እንደያዘ ነው የሚሄደው። ምሳ ሲበላ ጠብቄ አጠገቡ ተቀመጥኩ።

«አያ ሓጎስ፣ ሰዎቹ የሚናገሩት ድምፅ የት ይሄዳል?»

«ጥሬው ላይ ይቀራል።»

«ለምን አይበስልም?»

እየሳቀ አስረዳኝ። መጀመሪያ በካሜራው የሚቀዳበት ካሴት ጥሬው ነው። ከዚያ ላይ መርጦ፣ ዘፈን ጨምሮ፣ ወደ ሌላ ካሴት ይገለብጥና ለባለቤቶቹ ይሰጣል። ጥሬውን ግን ማንም አይወስደውም።

«የአክስቴ የለተብርሃን ጥሬ የት አለ?»

«ሌላ ሠርግ ተቀድቶበታላ። እኔ ካሴት ከሰማይ የሚዘንብልኝ መሰለሽ፣ ጓለይ?» ጓለይ ማለት ልጄ ማለት ነው፤ ሰውን ተስፋ ሲያስቆርጥ እንዲህ ብሎ ያለሰልሰዋል። ፊቴን አይቶ መሰለኝ ቀጠለ። «ረጅም ሠርግ ከተቀዳበት ጨርሶ ይበላዋል። አጭር ከሆነ የድሮው መጨረሻ ይተርፋል።»

ይህን ሰምቼ ቤት ሄጄ አሰብኩት። እንግዶች ለሙሽሮች የሚያስተላልፉት መልእክት የሚቀዳው ሁልጊዜ መጨረሻ ላይ ነው፣ እንግዳው በልቶ ጠጥቶ አፉ ከተፈታ በኋላ። ስለዚህ አባቴ ያለው ጅራቱ ላይ ነው። በላዩ የተቀዳው ሠርግ አጭር ከሆነ አለ ማለት ነው። በማግስቱ ቪዲዮ ወደሚያቀናብርበት ሱቁ ሄጄ ይህንኑ ነገርኩት።

«ስልሳ ሦስት ካሴት አለኝ» አለ። «አንዱም ላይ ስም የለበትም።»

«እኔ እያየሁ እጽፍልሃለሁ። አንተ አጫውትልኝ፣ እኔ ስማቸውን ልጻፍ።»

በሕይወቴ የመጀመሪያው ውሌ ይህ ነው። ከዚያ በኋላ ከተዋዋልኳቸው ብዙዎቹ ይሻላል።

«ጾሙ ሲገባ ነይ» አለኝ። «በጾም ሠርግ የለም፣ ሥራ እፈታለሁ። ግን እስከ ፋሲካ ብቻ ነው። ከፋሲካ በኋላ ሠርግ በሠርግ ላይ ይዣለሁ፤ ካሴቶቹ በሙሉ ይወጣሉ።»

እንዲህ ሆነና ሌላው ሰው ጾሙን ለነፍሱ ሲጾም እኔ ካሴት ቆጠርኩበት።

የአያ ሓጎስ ሱቅ ጠባብ ነው። አንዱ ግድግዳ ላይ ለፎቶ መነሻ የሚሆን ፏፏቴ ተስሏል፤ ውሃው ሰማያዊ፣ ድንጋዩም ሰማያዊ። ከሰዓት በኋላ የመቀሌ ነፋስ ቆርቆሮውን ያንኳኳል፤ አቧራው በበሩ ሥር ይገባል። አቧራው ሄዱ ላይ ሲያርፍ ምስሉ በረዶ ይመስላል፤ ያኔ አያ ሓጎስ ጥጡን አረቄ ውስጥ ነክሮ ይጠርጋል። ካሴት አስገብቶ ወደፊት ያስሮጠዋል፤ ዴኩ እንደ ወፍጮ ያጉረመርማል፤ መጨረሻው ሲቃረብ ይለቀዋል። መጀመሪያ የቅርቡ ሠርግ ጭፈራ ይመጣል፤ ከዚያ ነጭ መስመር ስክሪኑን ይሰነጥቀዋል፤ ከመስመሩ ወዲያ ሌላ ዓመት፣ ሌላ ድንኳን፣ ሌላ ሰው። ካለ። ብዙ ጊዜ የለም፤ ጭፈራው እስከ ዳር ድረስ ሞልቶታል። ረጅም ሠርግ የሚወዱ ሰዎችን ያኔ ነው የጠላሁት። ሰው ሙሽራ ወስዶ ቤቱ አይገባም?

ያ ጥሬ ድምፅ ግን ገረመኝ። በተቀናበረው ካሴት ላይ ሁሉም ሰው በዘፈን ውስጥ በክብር ይራመዳል። በጥሬው ያስላሉ፣ ይሰዳደባሉ፣ ልጅ ይጠራሉ። አንድ ሽማግሌ ምርቃቱን ግማሽ አድርሶ፣ «ጠላው የት ሄደ?» ይላል። አንዲት ሴት ለሙሽሪት እናት፣ «ተከናነቢ፣ ካሜራ መጣብሽ» ትላለች። ዘፈኑ ሥር ይህ ሁሉ ነበር ለካ።

አያ ሓጎስ የሙሽሮችን ስም አያስታውስም። ሠርግ የሚያስታውሰው በደረሰው ጉዳት ነው። «ይሄ ድንኳኑ የወደቀበት ነው። ይሄ ሚዜዎቹ የተጣሉበት። ይሄኛው ኬኩ ላይ ልጅ የተቀመጠበት።» እኔም እንደነገረኝ በእስክሪብቶ ጽፌ እለጥፋለሁ። ከካሴቱ ጀርባ ያለችውን ትንሽ የፕላስቲክ ጥርስ ምን እንደሆነች ስጠይቀው፣ «እሷ ከተሰበረች ማሽኑ በላዩ አይቀዳም» አለኝ። ቃሉን ልብ ብዬ ያዝኩት።

በሦስተኛው ሳምንት አደይ አሸተተችኝ። የትምህርት ቤት ደብተሬን ስትቀበለኝ ነበር። አፍንጫዋ መጀመሪያ እጅጌዬን፣ ቀጥሎ አንገቴን ጎበኘ።

«ሰናይት፣ ይሄ አረቄ ነው።»

«የዴክ መጥረጊያ ነው፣ አደይ።»

ከዚህ የባሰ መልስ የሚሰጥ ሰካራም አታውቅም መሰለኝ፣ እጄን ይዛ ቀጥ ብላ ሱቁ ወሰደችኝ።

«ሓጎስ፣ በጾም ልጄን አረቄ ታለማምዳለህ?»

«ኧረ ምሕረት፣ የሚጠጣው ዴኩ ነው። እኛማ ሽሮ ላይ ነን።»

ልትቀጥል አፏን ከፈተች። ከዚያ የጻፍኳቸውን ካሴቶች አየች፣ በእኔ የአራተኛ ክፍል ጽሕፈት፣ ግድግዳውን ተደግፈው የተደረደሩትን። ምን እንደምንፈልግ አያ ሓጎስ ነገራት። ስትሰማው ቆየችና ወደ በሩ ዞረች። «ነይ፣ እንሂድ» አለችኝ።

መንገድ ላይ፣ «ከእንግዲህ እዚያ አትሄጂም። አጥኚና ቃላሚኖ ግቢ» አለችኝ። (ቃላሚኖ ጎበዝ ተማሪ ተመርጦ የሚገባበት ትምህርት ቤት ነው፤ አልገባሁም።) «ድምፁን ከፈለግሽ እኔ አለሁልሽ አይደል?» ብላም ድምፅዋን ወደ ሆዷ አወረደችው። «‹ሰናይት፣ እናትሽን ስሚ።›»

«አጎቴ ግደይ እንደዚያ አይልም ነበር ይላል።»

«ግደይ ምን ያውቃል? አብሬው የኖርኩት እኔ ነኝ።»

«እንግዲያው ካሴቱን ለምን ትፈሪዋለሽ?»

ለተናገርኩት ጥፊ ጠብቄ ነበር፤ አልመጣም። ድንጋይ እንዳያደናቅፈኝ እጄን ጠበቅ አድርጋ ያዘችኝ።

በማግስቱ ሄድኩ። ከማግስቱ በኋላም ሄድኩ። አደይ በየቀኑ ትቆጣለች፣ እኔ በየቀኑ እሄዳለሁ። እየቆየ ቁጣው እንደ ጾሙ ምግብ ሆነ፤ ሁለታችንም ለመድነው።

ሆሳዕና አለፈ። አምስት ካሴት ቀረን፤ መብራት ጠፋ። ሰኞ የለም፣ ማክሰኞ የለም። አያ ሓጎስ ፏፏቴው ሥር ተቀምጦ፣ «እኔ ምን ላድርግ፣ ጓለይ?» ይላል። እኔ አልሄድም ብዬ በሩ ላይ እቀመጣለሁ፣ መብራት ኃይል እኔን አይቶ የሚያፍር ይመስል።

ረቡዕ ቀትር ላይ መጣ። ሁለቱ ካሴቶች እስከ ዳር ጭፈራ ናቸው። ሦስተኛው ገና ሲገባ አያ ሓጎስ፣ «ይሄ ሙሽራው የታመመበት ነው» አለ። ሙሽራው ወባ ይዞት በዕለቱ ድንኳን ውስጥ ወደቀ፤ ሠርጉ በአጭር ተቀጨ። በስክሪኑ ላይ ሁለት ሚዜዎች ደግፈው ሲያስነሱት፣ አንድ ሰው «ውሃ፣ ውሃ» ሲል ይታያል። ያ ሙሽራ ዛሬ ደህና ነው። ሱቄ እየመጣ ቻርጀር ይገዛል፤ እሱን ብቻ ለምን በዋጋ እንደማልከራከረው አያውቅም።

ነጩ መስመር መጣ። ከመስመሩ ወዲያ ቡናማ ጃኬት።

«አቁመው» አልኩ።

አቆመው። አንድ ፊደል እንኳ አልወጣም ነበር። አያ ሓጎስ ወደ እኔ ዞረ። «ሁለት ወር ሙሉ ስትፈልጊው ከርመሽ?»

«በታየ ቁጥር ይሳሳል። መጀመሪያ አደይ ትስማው።»

ካሴቱን አስወጥቼ፣ ጠረጴዛው ላይ የነበረውን መቀስ አንስቼ ጥርሷን ሰበርኳት።

«ልጅት! ምን ማድረግሽ ነው?»

«እስክመለስ ነው።»

«ጥርስ እኮ እስክትመለሺ አይበቅልም» አለ፣ ግን አልተቆጣም።

አደይ ግቢ ውስጥ ልብስ ታጥባለች። ነገርኳት። ቀና አላለችም።

«አልሄድም።»

«እኔም ያለ አንቺ አልሰማውም።»

«አትስሚዋ።»

አጠገቧ ድንጋይ ላይ ተቀመጥኩ። አንዲት የትራስ ልብስ ነበረች፤ አጠበቻት፣ ጨመቀቻት፣ መልሳ ነከረቻት። ሦስት ጊዜ። ትራሳችን እንደዚያ ቀን ነጽቶ አያውቅም። በመጨረሻ ቀና ሳትል፣ «ሰናይት፣ እኔ የማውቀው ድምፅ ካልሆነስ?» አለች።

ማጀት ማጀት ስትል የከረመችው ለዚህ እንደነበር ያኔ ገባኝ ብል ውሸት ነው፤ የገባኝ ብዙ ዓመት ቆይቶ ነው። ያኔ ያልኳት፣ «ካልሆነ እናውቃለን» ብቻ ነው።

እጇን አደራርቃ ነጠላዋን አነሳች። «ለነገሩ ሓጎስን ስለ አረቄው የምነግረው አልጨረስኩም» አለች።

ሱቁ ስንደርስ ሁለተኛውን ዴክ እንዲያገናኝልኝ ጠየቅሁት። ስንሰማው አብሮ ይገልበጥ፤ ለመስማት አንድ ጊዜ፣ ለመገልበጥ ሌላ ጊዜ አናሳሳው። አያ ሓጎስ አደይን አይቶ፣ «ይቺ ልጅ ነጋዴ ትሆናለች» አለ። ሽቦውን ሰካ፤ በሁለተኛው ዴክ ላይ ቀዩ መብራት በራ፤ ለቀቀው።

«...ምሕረት፣ ምን ልበል?»

ቀጭን ነበር። ቀጭንና ፈጠን ያለ፣ ትንሽ ሻከር የሚል፣ ገበያ ውስጥ ቲማቲም እንደሚሸጥ ሰው። ከሦስቱ አባቶቼ አንዱንም አይመስልም ነበር። እውነቱን ለመናገር ትንሽ ከፋኝ፤ ዳኛውን ለምጄው ነበር።

«የመጣልህን በል» አለች አንዲት የማትታይ ሴት ከካሜራው ጎን።

«የመጣልኝማ ሰው ፊት አይባልም።»

ድንኳኑ ሳቀ። ሴቲቱ ከሁሉም በላይ ሳቀች፣ ትን እስኪላት።

«ማን ናት?» አልኩ።

አያ ሓጎስ በዓይኑ አደይን አሳየኝ።

«እኔ ነኝ?» አለች አደይ።

«እሺ» አለ አባቴ፣ ማይክሮፎኑን ጠጋ ብሎ። «ሙሽሮች፣ እንደኛ ሁኑ። ሌላ ምክር የለኝም። በሉ ልቀቁኝ፣ ሥጋዬ ቀዘቀዘ።»

አለቀ። ወይዘሮ አበባ በሥጋው ነገር አልተሳሳተችም።

አደይ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ ቆማለች። ታለቅሳለች ብዬ ነበር፤ አላለቀሰችም። በደንብ የሚያውቀው መንገድ እንደጠፋበት ሰው ነበር የምትመስለው።

«ቀጭን ነበር» አለች። «አዎ፣ ቀጭን ነበር። እኔ መቼ ነው ያወፈርኩት?»



«ደግመህ አሰማኝ፣ ሓጎስ።»

እጁ ወደ ጥሬው ዴክ ሲሄድ ያዝኩት። «ግልባጩን» አልኩት። ጥሬውን አውጥቼ ደረቴ ላይ አቀፍኩት። ግልባጩን መብራቱ እስኪሄድ ድረስ ሰማነው።

ስንመለስ ነፋሱ በርዷል። ወፍጮ ቤቱን እንዳለፍን አደይ፣ ለራሷ በሚመስል ድምፅ፣ «‹ሥጋዬ ቀዘቀዘ›» አለች። እንደ ልማዷ ወፍራም፣ ከሆዷ የወጣ፣ የዳኛው ድምፅ ነበር። በሰሙነ ሕማማት ስለ ሥጋ የምታወራ ሴት የሰማች አንዲት ነጠላ ያጣፋች አሮጊት ዘወር ብላ አየችን።

«አይደለም፣ አደይ» አልኳት። «ቀጠን አድርጊው። ፈጠንም ይላል።»

ቆመች። ጉሮሮዋን ጠረገች። አሮጊቷ እስክትርቅ ጠበቀችና እንደገና ሞከረችው።

«አሁንስ?»

«ቀርቧል። ድገሚው።»

ደገመችው።